«በሂደት ላይ ነው»፦ የመምህራን ሹመት መዘግየትና የፍርድ ቤት መንገድ

በመንግሥት መሥሪያ ቤት በር ላይ ቆሞ የሚያውቅ ሰው ሁሉ «በሂደት ላይ ነው» የሚለውን መልስ ያውቀዋል። እሺም አይደለም፣ እምቢም አይደለም። መምህር ደግሞ ከዚህ መልስ ጋር የቆየ ትውውቅ አለው። አንድ የዩኒቨርሲቲ መምህር ለማዕረግ ዕድገት ሲያመለክት ወረቀቱ ከትምህርት ክፍል ወደ ኮሌጅ፣ ከኮሌጅ ወደ ገምጋሚዎች፣ ከዚያም ወደ ሴኔት ይጓዛል፤ ሙሉ ፕሮፌሰርነት ከሆነም ቦርዱ ሊያጸድቀው ይገባል። የአንደኛ ደረጃ መምህር ቅጥርም ቢሆን ትምህርት፣ ሲቪል ሰርቪስና ገንዘብ የሚባሉትን ጽሕፈት ቤቶች ሳያዳርስ ደመወዝ አይሆንም። ወረቀቱ ከነዚህ ጠረጴዛዎች በአንዱ ላይ አርፎ ሲቀር መምህሩ ማስተማሩን አያቆምም። ክፍል ይገባል፣ ፈተና ያርማል፣ ተማሪ ያማክራል። ደብዳቤው ብቻ አይወጣም።

እዚህ ላይ ማንሳት የምፈልገው ጥያቄ አንድ ነው። እምቢ ያላለ፣ ግን እሺም ያላለ መንግሥት ፍርድ ቤት ሊቀርብ ይችላል ወይ? ጥያቄው ለሕግ ምሩቃን ብቻ ይመስላል እንጂ አይደለም። ከመካከላችን ብዙዎቹ ዛሬ ደብዳቤ ጠባቂ ናቸው፤ ጥቂት የማይባሉት ደግሞ ደብዳቤው የሚያርፍበት ጠረጴዛ ባለቤት ሆነዋል።

ስለ ቃሉ አንድ ነገር ልበል። በአማርኛ «ሹመት» ስንል አገር መግዛትን፣ ግብር መቀበልን ነበር የምናስበው። የኔታ አይሾምም ነበር፤ ያስተምራል፣ ደብሩና የተማሪው ወላጅ ያኖረዋል። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለው ተረት ለመምህር የተተረተ አይደለም። መምህሩ የሚበላው ደመወዙን ነው፣ ያውም ደብዳቤው ሲወጣ። መምህር የመንግሥት ሠራተኛ ከሆነ በኋላ ግን የሹመቱ ሥርዓት ከነጥበቃው ወደ እሱ መጣ።

የጥበቃው የድሮ ስም ደጅ ጥናት ነው። ሹመት የሚፈልግ፣ ርስቱ የተወሰደበት፣ ፍርድ የዘገየበት ሰው ስንቁን ቋጥሮ የባለሥልጣኑ ደጅ ላይ ይከርማል። ደሴም የንጉሥ ሚካኤል መቀመጫ ሳለች የወሎ ባለጉዳይ ዓይኑን የሚያሳርፍባት ከተማ ነበረች፤ ንጉሡ ያሠሩት አዳራሽ «አይጠየፍ» መባሉ ራሱ ማን ከማን ሳይለይ ይገባበታል ለማለት ነው። በደጅ ጥናት ዘመን ፋይል የለም። ፋይሉ ሰውየው ራሱ ነው። ጌታው በወጣ በገባ ቁጥር ያየዋል፣ «ይሄ ሰውዬ ዛሬም አለ?» ይላል። ዝም ቢባል እንኳ ዝምታው የሚታይ ዝምታ ነው። ከዚያ በላይ ሲሆን ደግሞ «አቤት!» ብሎ መጮህ አለ፤ እስከ ዙፋን ችሎት ድረስ፣ «ጃንሆይ አቤት!» እስከማለት።

ይህን ስል የድሮውን እያሞገስኩ አይደለም። ስንቅ ያጣ፣ በቅሎ የሌላት፣ ልጅ የታቀፈች ባለጉዳይ ተሸንፋ ወደ ቤቷ የምትመለስበት ሥርዓት ነበር። ነገር ግን ዘመናዊው ቢሮ ሰውየውን በወረቀት ተካው። ወረቀት ደግሞ ደጅ ላይ አይታይም፤ መሳቢያ ውስጥ ይገባል። ደጅ መጥናቱ አልቀረም፤ ጌታው ባለጉዳዩን የሚያይበት ዕድል ነው የቀረው።

የጽሑፍ ሕጉ ታሪክ የሚጀምረው በ1923ቱ ሕገ መንግሥት ነው። ከጃፓን ሕገ መንግሥት ብዙ የወሰደው ይህ ሰነድ በአንቀጽ 54 የአስተዳደር ጉዳዮችን የሚያዩ ልዩ ፍርድ ቤቶች እንደሚኖሩና ሌሎቹ ፍርድ ቤቶች በነዚህ ጉዳዮች እንደማይገቡ ይናገራል። ሐሳቡ ትልቅ ነበር፤ በመንግሥትና በሠራተኛው፣ በመንግሥትና በባለጉዳዩ መካከል የሚቆም ዳኛ ማለት ነው። ሥር ሰድዶ ግን አላየነውም። የ1948ቱ የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ደግሞ በሌላ መንገድ ሄደ። በአንቀጽ 62 ንጉሠ ነገሥቱን መክሰስ ክልክል መሆኑን ደንግጎ፣ መንግሥትን፣ ሚኒስቴርን ወይም መሥሪያ ቤትን ግን ጥፋት ሠርቶ ከባድ ጉዳት ካደረሰ መክሰስ ይቻላል አለ። ወዲያው አያይዞ፣ ክሱ በተንኮል ወይም ያለ መሠረት የቀረበ ከሆነ መንግሥት በተራው ከሳሹን ሊጠይቅ እንደሚችል አስጠነቀቀ። አንድ የገጠር አስተማሪ ይህን አንብቦ ትምህርት ሚኒስቴርን ለመክሰስ ምን ያህል ልብ ያገኛል? መልሱን ለአንባቢ እተዋለሁ።

ከዚያ የሕግ መጻሕፍቱ ዘመን መጣ። የ1952ቱ ፍትሐ ብሔር ሕግ በፈረንሳዊው ሊቅ በሬኔ ዳቪድ የተረቀቀ ነው። በአንቀጽ 2126 የመንግሥት ሠራተኛ በጥፋቱ ለሚያደርሰው ጉዳት እንደሚጠየቅ፣ ጥፋቱ የሥራ ጥፋት ሲሆንም ተጎጂው ከመንግሥት ካሣ መጠየቅ እንደሚችል ይገልጻል። ይህ አንቀጽ ዛሬም አለ፣ ለዘገየ ሹመትም በር ሊከፍት ይችላል። ሁለት ነገሮች ግን ያዙኝ ይላሉ። አንደኛ፣ የሚሰጠው ካሣ ነው፤ ደብዳቤውን አያወጣም። ሁለተኛ፣ በአንቀጽ 2143 መሠረት የካሣ ክስ ጉዳቱ ከደረሰ በሁለት ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። «ትንሽ ታገሥ፣ በሂደት ላይ ነው» እየተባለ ሁለት ዓመት ያለፈበት ሰው ትዕግሥቱ ራሱ መብቱን ይበላበታል።

የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ደግሞ ብዙውን ነገር ከሕንድ የ1908 ሕግ (የፈረንጁ ዘመን ነው) የወሰደ ነው። በውስጡ ያለአግባብ የታሰረን ሰው ለማስፈታት የሚቀርበው አቤቱታ ከአንቀጽ 177 ጀምሮ ሰፍሯል። ሠራተኛ ወይም ባለጉዳይ «ይህ መሥሪያ ቤት በሕግ የተጣለበትን ግዴታ እንዲፈጽም ይታዘዝልኝ» የሚልበት ትእዛዝ፣ እንግሊዞች «ማንዴመስ» የሚሉት፣ ግን የለበትም። እዚህ ጋ ነው ነገሩ የተበላሸው ብዬ አምናለሁ። ዋናውን ሕግ ከፈረንሳይ ስናመጣ የፈረንሳይን የአስተዳደር ፍርድ ቤት ትተን መጣን፤ ሥነ ሥርዓቱን ከእንግሊዝ-ሕንድ ስናመጣ ማንዴመስን ትተን መጣን። ሁለቱም አገሮች ለቢሮ ዝምታ መድኃኒት ነበራቸው። እኛ ከሁለቱም ገበያ ሄደን ያለ መድኃኒቱ ተመለስን።

ማንዴመስ ምን እንደሆነ ለማየት አንድ የታወቀ የውጭ ጉዳይ እናንሳ። ጉዳዩ የመምህር ባይሆንም ልክ የኛው ዓይነት የሹመት ደብዳቤ ጉዳይ ነው። እ.ኤ.አ. በ1801 የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ጆን አዳምስ ከሥልጣን ሊወርዱ ሲሉ ዊሊያም ማርበሪ የተባለውን ሰው በዋና ከተማዋ የሰላም ዳኛ አድርገው ሾሙ። ደብዳቤው ተፈረመ፣ ታተመ፣ ግን ሳይደርሰው ቀረ። አዲሱ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ጄምስ ማዲሰን አልሰጥም አለ። ማርበሪ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሄዶ «ደብዳቤዬን እንዲሰጠኝ እዘዙልኝ» ሲል አመለከተ። እ.ኤ.አ. በ1803 ዋና ዳኛው ጆን ማርሻል፣ ማርበሪ ሹመቱ ይገባዋል፣ መከልከሉም ሕገ ወጥ ነው፣ ነገር ግን እኛን ትእዛዝ እንድንሰጥ የሚፈቅደው የሕግ ክፍል ከሕገ መንግሥቱ ጋር ስለሚጋጭ አንሰጥም አሉ። ፍርዱ ፍርድ ቤት ሕግን ከሕገ መንግሥት ጋር አመሳክሮ የመሻር ሥልጣኑን ያጸናበት ስለሆነ በዓለም ሁሉ ይጠቀሳል። ማርበሪ ግን ደብዳቤውን አላገኘም። የሚያስቀው ደግሞ፣ ደብዳቤውን በጊዜው ሳያደርሱ የቀሩት የያኔው የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር እነዚሁ ጆን ማርሻል ነበሩ።

ወደ ሕንድ ስንሄድ ጉዳዩ በቀጥታ የመምህር ይሆናል። በ1950ዎቹና በ60ዎቹ ሁለተኛ ደረጃ የተማሩ የወሎ ልጆች ሕንዳውያን መምህራንን ያስታውሳሉ። በመላ ኢትዮጵያ ብዙ ነበሩ፣ ከነሱም ብዙዎቹ ከኬረላ የመጡ ናቸው። በኬረላ በግል አስተዳዳሪ የሚመራ፣ ደመወዙን ግን መንግሥት የሚከፍልለት ትምህርት ቤት ብዙ ነው። አስተዳዳሪው መምህሩን ይቀጥራል፤ ቅጥሩን የመንግሥት የትምህርት ሹም ካላጸደቀው ግን ደመወዝ የለም። በዚህ ላይ የወጣው የትምህርት ሕግ ገና ረቂቅ ሳለ እ.ኤ.አ. በ1958 እስከ ሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ አስተያየት የተሰጠበት ነው። ማጽደቁ ሲዘገይ የኬረላ መምህር በሕንድ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 226 ወደ ክፍለ ግዛቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይሄዳል። ፍርድ ቤቱ ብዙውን ጊዜ «ቅጥሩን አጽድቅ» አይልም። «አመልካቹን ሰምተህ፣ በዚህን ያህል ሳምንት ውስጥ ወስን» ይላል። ቀን ይቆርጣል ማለት ነው።

ይህ ነጥብ እንዳያመልጠን። ዳኛው የሴኔቱን ወይም የትምህርት ቢሮውን ሥራ አይቀማም። ማን ፕሮፌሰር ይሁን፣ ማን አይሁን ብሎ አይፈርድም፤ እሱን የሚያውቁት ባለሙያዎቹ ናቸው። ዳኛው የሚያዘው እንዲወስኑ ብቻ ነው። የዩኒቨርሲቲ ነፃነት ይነካል ብለው ለሚሰጉ የሥራ ባልደረቦቼ ይህን ልዩነት ደጋግሜ እነግራቸዋለሁ። መወሰን ነፃነት ነው፤ አለመወሰንን ግን ነፃነት ብሎ መጥራት አይቻልም።

ወደ አገራችን እንመለስ። በ1954 የወጣው ትእዛዝ ቁጥር 23 የማዕከላዊ የሠራተኞች መሥሪያ ቤትን አቋቁሞ ቅጥርና ዕድገት በችሎታ ይሁን አለ። ከዚያ በኋላ የመምህሩ ዕጣ ፈንታ በደረጃና በስኬል ቋንቋ መነገር ጀመረ። የካቲት 1966 መምህራን አድማ ሲመቱ ዋናው ቁጣ በትምህርት ሴክተር ሪቪው ላይ ቢሆንም፣ የደመወዝ ጥያቄያቸውም አብሮ ነበር። ያ ትውልድ መፍትሔውን የፈለገው በአደባባይ ነው። በደርግ ጊዜ ደግሞ ምደባ ሆነ፤ ምሩቁ የሚሄድበትን መንግሥት ይነግረዋል፣ ይሄዳል። ስለ ፍርድ ቤት ማውራት ቅንጦት ነበር።

በ1985 ሚያዝያ ከአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ከ40 በላይ መምህራን፣ ፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስን ጨምሮ፣ ከሥራ ተሰናበቱ። ስለዚያ ቀን ብዙ ተጽፏል፤ እዚህ የማነሳው በሌላ ምክንያት ነው። የስንብት ደብዳቤ ክፉ ነው፣ ግን ደብዳቤ ነው። ቀን አለው፣ ፊርማ አለው፣ ፎቶ ኮፒ ተደርጎ ለዳኛ ሊታይ ይችላል። ያልወጣ የሹመት ደብዳቤ ፎቶ ኮፒ አይደረግም።

ከዚያው ዓመት ጀምሮ የኢትዮጵያ መምህራን ማኅበር ለሁለት ተከፈለ፤ የስሙና የንብረቱ ክርክር በፍርድ ቤት 15 ዓመት ያህል ፈጅቶ በ2000 ዓ.ም. በሰበር ተቋጨ። የተሸነፈው ወገን በሌላ ስም ብሔራዊ ማኅበር አድርጎ ለመመዝገብ ጠየቀ። በ2001 ስሙ ይመሳሰላል ተብሎ ተከለከለ፤ ፍርድ ቤት ቢሄድም ምዝገባውን አላገኘም። የዓለም ሥራ ድርጅት የመደራጀት ነፃነት ኮሚቴ ጉዳዩን በቁጥር 2516 መዝግቦ ለዓመታት መንግሥትን ይጠይቅ ነበር። የሹመት ጉዳይ አይደለም፤ ነገር ግን የመንግሥት ማጽደቅ የሚያስፈልገው መምህር ፍርድ ቤት ሲሄድ መንገዱ ምን ያህል እንደሚረዝም ያሳያል።

ያኔ ምን መንገድ ነበር ታዲያ? የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 37 ማንም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም የዳኝነት ሥልጣን ላለው አካል አቅርቦ ውሳኔ የማግኘት መብት አለው ይላል። ሐረጉ ሰፊ ነው፣ ግን «በፍርድ ሊወሰን የሚገባው» የቱ ነው በሚለው ላይ ሙግቱ ይጀምራል። በ1994ቱ የፌዴራል የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 262 የአስተዳደር ፍርድ ቤት የሚባለው ተደራጀ፤ በ1999 በቁጥር 515፣ በ2010 ደግሞ በቁጥር 1064 ተከታዮቹ አዋጆች ቀጠሉበት። ወደዚህ ፍርድ ቤት የሚመጡት ዋና ዋና ጉዳዮች ከሥራ መሰናበት፣ ከባድ የዲሲፕሊን ቅጣት፣ ያለአግባብ የተቆረጠ ደመወዝ ናቸው። ልብ በሉ፤ ሁሉም አንድ ነገር *ሲደረግ* የሚነሱ ናቸው። ምንም ያልተደረገበት ሰው፣ ለዚያውም ገና ያልተቀጠረ ሰው፣ በየትኛው በር ይገባል? የኢትዮጵያ ሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም በአዋጅ 211/1992 ተቋቁሞ አቤቱታ ይሰማል፣ ይመረምራል። የሚሰጠው ግን የመፍትሔ ሐሳብ ነው፤ እንደ ፍርድ አይፈጸምም።

ፈረንሳዮች ይህን የዝምታ እንቆቅልሽ የፈቱበትን ዘዴ ሳላነሳ ባልፍ ቅር ይለኛል። እ.ኤ.አ. በ1900 ባወጡት ሕግ፣ መሥሪያ ቤቱ አራት ወር ዝም ካለ እምቢ እንዳለ ይቆጠራል አሉ። ቀላል ብልሃት ነው። ዝምታው በሕግ ኃይል ውሳኔ ሆነ፤ ውሳኔ ከሆነ ይግባኝ ይባልበታል። በ2000 አራቱን ወር ወደ ሁለት አወረዱት። በ2013 ደግሞ ገለበጡትና ዝምታ በመርሕ ደረጃ እሺታ ነው አሉ፣ ከብዙ ልዩ ሁኔታዎች ጋር። ከልዩ ሁኔታዎቹ አንዱ መንግሥት ከገዛ ሠራተኞቹ ጋር ያለው ግንኙነት ነው! ለነሱ ዝምታ ዛሬም እምቢታ ነው። የመንግሥት ሠራተኛ መሆን ፓሪስም ሆነ ኮምቦልቻ ያው ነው ማለት ነው።

እኛ ዘንድ ለውጥ የመጣው በ2012 ነው። ረቂቁ ለብዙ ዓመታት ሲንከባለል ከቆየ በኋላ (ስለ መዘግየት የሚጻፍ ሕግ ራሱ ሲዘገይ ማየት ይገርማል) የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ወጣ። መሥሪያ ቤቶች መመሪያ ሲያወጡ ረቂቁን ለአስተያየት እንዲያቀርቡ፣ እንዲያስመዘግቡ፣ ለሕዝብ እንዲያደርሱ ያስገድዳል። የአስተዳደር ውሳኔ በጽሑፍና ከነምክንያቱ እንዲሆን ይፈልጋል። ቅር የተሰኘ ሰው ውሳኔው እንዲከለስለት ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ማመልከት ይችላል። የመዘግየት ክርክርን ከካሣ አውጥቶ ወደ ግዴታ የሚወስድ መሬት ያገኘነው እዚህ ነው ብዬ አስባለሁ። በጽሑፍና በምክንያት የመወሰን ግዴታ ያለበት አካል «በሂደት ላይ ነው» ብሎ ዓመት ሲያሳልፍ ግዴታውን እየተወጣ ነው ሊል አይችልም። ጠበቆቻችንና የሕግ መምህሮቻችን ይህን ክርክር እስከ ሰበር ችሎት ቢገፉት ደስ ይለኛል፤ ከ1997 ወዲህ የሰበር የሕግ ትርጉም በየደረጃው ያሉ ፍርድ ቤቶችን ያስገድዳልና አንድ ጥሩ መዝገብ ለሁሉም ይተርፋል።

አንድ ችግር ግን አለ፣ በተለይ ለኛ ለኮምቦልቻዎችና ለደሴዎች። አዋጁ የፌዴራል ነው። አንድ ሰፈር የሚኖሩ ሁለት መምህራንን አስቡ፤ ምናልባትም ባልና ሚስት። አንዱ በቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩታችን ሌክቸረር ነው፤ ወሎ ዩኒቨርሲቲ የፌዴራል ተቋም ስለሆነ ስለ ዕድገቱ መዘግየት አዋጅ 1183ን ይዞ መከራከር ይችላል። ለዚህም አዲስ አበባ መሄድ ላይጠበቅበት ይችላል፤ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 መሠረት የክልል ጠቅላይ ፍርድ ቤት በክልሉ ውስጥ የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤትን ሥልጣንም በውክልና ይሠራል። ሌላዋ በከተማው አስተዳደር ሥር ባለ ትምህርት ቤት ታስተምራለች። የሷ ቅጥር በክልሉ የመንግሥት ሠራተኞች ሕግ ይመራል፤ አዋጅ 1183 ለሷ አይደርስም። ጠዋት አብረው አንድ ባጃጅ ይሳፈራሉ፣ ደብዳቤያቸው ሲዘገይ ግን በሁለት አገር ሕግ ይዳኛሉ።

ደግሞም የ2014ቱን ኅዳር አንረሳም። ደሴና ኮምቦልቻ በጦርነቱ ተይዘው በነበሩባቸው ሳምንታት ዩኒቨርሲቲያችን ተዘርፏል፣ ወድሟል። ሕንፃና ላቦራቶሪ በገንዘብ ይተካል። ቢሮ ሲዘረፍ አደጋ ላይ የሚወድቀው የሠራተኛ ማኅደርም ነው፤ መቼ ተቀጠረ፣ መቼ አመለከተ፣ ማን ፈረመለት የሚለው ሁሉ። አንድ ኮፒ ቤቱ ያስቀመጠና ያላስቀመጠ መምህር ፍርድ ቤት ሲቀርቡ እኩል አይደሉም።

ስለዚህ ወጣት መምህራን ሲጠይቁኝ የምነግራቸው ተራ ነገር ነው። በቃል አትጠይቁ፤ ኃላፊውን ኮሪደር ላይ ሰላም ብሎ «ጋሼ፣ የኔ ነገር እንዴት ሆነ?» ማለት ደግ ነው፣ ማስረጃ ግን አይሆንም። ማመልከቻውን በሁለት ኮፒ አድርጋችሁ መዝገብ ቤት አስገቡ። ሁለተኛው ኮፒ ላይ የገቢ ቁጥር፣ ቀንና ማኅተም አስደርጉበት። ከወር በኋላ መልስ ከሌለ የመጀመሪያውን ቁጥር ጠቅሳችሁ ሁለተኛ ጻፉ፣ ለቅሬታ ሰሚው ክፍልም ግልባጭ አድርጉ። ወረቀቱ ጠረጴዛው ላይ ስንት ቀን እንደተኛ ለዳኛው የሚቆጥርለት ያ ማኅተም ነው።